ቬኑ በሦስተኛው ጥቅልል

ሐሙስ ጠዋት፣ ፊልም ያለባቸው ስምንት ቆርቆሮዎች ከባቡር ጣቢያ በበሬ ጋሪ ተጭነው መጡ። እኔም እንደ ልማዴ የመጀመሪያውን ከፍቼ ጥቅልሉን ወደ ፀሐይ ዘረጋሁት። ሥራዬ ስለሆነ እንጂ ነገር ፍለጋ አይደለም። ቀን ቀን ልብስ ሰፊ ነኝ፤ ሲመሽ ደግሞ በፔስቶንጂ ሼት የሲኒማ ድንኳን ውስጥ፣ የዚያ ጊዜ ፊልም ድምፅ አልባ ነውና፣ በጨርቁ ላይ ብቅ የሚለውን ጽሑፍ፣ ማንበብ ለማይችለው ሕዝብ ጮክ ብዬ አነባለሁ። ቀን ካላጠናሁት ሁለት መቶ ሰው ፊት እንተባተባለሁ፤ ሳታራ ደግሞ በሰው ለመሳቅ ብዙ የምትለመን ከተማ አይደለችም።

የመጣው የፍቅር ፊልም ነበር። ያን ጊዜ ሕዝቡ የአማልክቱ ታሪክ ስለሰለቸው፣ ቦምቤይ ልዑልና የደሃ ልጅ በማፋቀር ተጠምዳ ነበር። ልዑሉ ወንዝ ሊሻገር ይመጣል፣ የጀልበኛውን ልጅ ያያል፣ ምግብ ያስጠላዋል። አንደኛውንና ሁለተኛውን ጥቅልል ለብቻዬ እየሳቅሁ ጨረስኩ። ሦስተኛው ላይ፣ በሁለት ጽሑፎች መካከል፣ እህቴን ቬኑን አየኋት።

የአውራ ጣት ጥፍር በምታህል ሥዕል ውስጥ ቆማለች። ከሥሯ ባለው ሥዕልም ቆማለች፣ ከዚያ በታች ባለውም፤ ፊልሙን ክንድ ሙሉ ስስብ ክንድ ሙሉ ቬኑ መጣችልኝ። ልዑሉ ለወዳጁ የሚልካትን አበባ በጓደኛዋ ጠጉር ላይ ይሰካል፤ ጓደኛዋ ማለት የኔ እህት ናት። እሷም ቀና ብላ ትስቃለች። በአራት ዓመቷ የውሃ ጉድጓድ ደረጃ ላይ ወድቃ ያተረፈቻት የግራ ቅንድቧ ጠባሳ ሳይቀር ቁልጭ ብላ ትታያለች። ጥቅልሉን ወደ ቆርቆሮው መልሼ ክዳኑ ላይ ተቀመጥኩበት፤ ክፉ ነገር ሲቀመጡበት የሚጠፋ ይመስል።

ሠርጓ አሥራ ሁለት ቀን ቀርቶት ነበር።

ዛሬ ተዋናይት ሲባል ሰው ፎቶዋን ገዝቶ ግድግዳው ላይ ይለጥፋል። ያን ጊዜ ግን ፊቷን ለካሜራ የሰጠች ሴት፣ ለመንገደኛው ሁሉ የቀረውንም እንደሰጠች ነበር የምትቆጠረው። ጥቂት ዓመታት ቀደም ብሎማ ጋለሞቶች እንኳ እንቢ ብለው፣ ንግሥቶቹን የሚጫወቱት ሪዛቸውን የተላጩ ወንዶች ነበሩ። በዚያ ላይ ደግሞ አበባው አለ። በኛ ዘንድ በሴት ጠጉር ላይ አበባ የሚሰካ ወንድ ባሏ ብቻ ነው።

ቬኑን የሚያገባት ናራሃር የሚባል የሕፃናት መምህር ነው። የሚያስፈራው እሱ አልነበረም፤ እናቱ ጎዳባይ ናት። ጎዳባይ ለልጇ ስድስት ልጃገረዶች አይታ ስድስቱንም በየሰበቡ መልሳለች፤ አንዷን ሲያዩዋት አስነጠሰች ብላ ነው የተወቻት። ቬኑን ለምን እንደወደደቻት እስከ ዛሬ አልገባኝም፣ መጠየቅም አልደፈርኩም። አባትና እናታችንን አንድ ወረርሽኝ ወስዷቸው፣ ያሳደግኋት እኔ ነኝ። አሥራ ስምንት ዓመት ሞልቷታል፤ ይህ ዕድሜ በኛ ሰፈር ጎረቤት ከንፈር የሚመጥበት ነው። ይህ ጋብቻ ከፈረሰ፣ የፈረሰበትም ምክንያት ከተሰማ፣ ሌላ ጠያቂ እደጃችን አይደርስም።

ጥፋቱ ደግሞ የኔው ነው። ከሁለት ዓመት በፊት ከቦምቤይ የመጡ ፊልም ሠሪዎች ዋይ ከተማ ወንዝ ዳር ሰፍረው ልብስ የሚያስተካክልላቸው ሰፊ ፈለጉ። ሄድኩ፤ ቬኑንም ቁልፍ ትትከልልኝ ብዬ ይዣት ሄድኩ። በሦስተኛው ቀን የጀልበኛውን ልጅ ጓደኛ ሆና የምትጫወተዋን ሴት ወባ ጣላት። ዳይሬክተሩ ዞር ዞር ብሎ እህቴን አያት። እግሬ ላይ ወድቆ ለመነኝ ብል ውሸት ነው፤ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የጠየቀኝ። እኔ ሲኒማ ያሳበደኝ ሰው ነበርኩ። እህትህ በጨርቅ ላይ ትታያለች ሲለኝ ልቤ በደስታ ዘለለ፣ ማሰብ እዚያው ላይ አቆምኩ። አሥራ አንድ ቀን ተጫወተች፤ ቆራርጠውት ከዚያ ሁሉ በፊልሙ ውስጥ የቀረው ግን የአበባው ትዕይንት ብቻ ነው። ወደ ሳታራ ስንመለስ ለጠየቀን ሁሉ ቁልፍ ስትተክል ሰነበተች አልን። በኋላ ኩባንያው ከሰረ፣ ፊልሙም የትም ተጥሎ ቀረ ሲባል ሰማሁና ለአምላኬ ለጋኔሽ ኮኮናት ሰብሬ አመሰገንኩ። ምን ዋጋ አለው፤ ሌላ ሰው ገዝቶት፣ እኔም እስከ ሦስተኛው ጥቅልል እንዳልጠረጥር ስሙን ቀይሮ፣ ይኸው እደጄ ድረስ ላከልኝ። የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል።

የድንኳናችንን ነገር ደግሞ ላስረዳ። ጨርቁ የሚሰቀለው ድንኳኑ መሀል ለመሀል ነው። ማሳያ መኪናው ባለበት በፊት በኩል ወንዶች ይቀመጣሉ፣ ከጨርቁ ጀርባ ደግሞ ሴቶች። ጨርቁ ካልራሰ ወደ ጀርባ አያሳይም፤ ስለዚህ በየጥቅልሉ መጀመሪያ እኔና አንድ ሽማግሌ ውሃ ቀጂ በባልዲ እንረጨዋለን። ከዚያ እኔ ወንዱም ሴቱም እንዲሰማኝ በጨርቁ ጠርዝ ላይ ቆሜ አነባለሁ። እንግዲህ ከጀርባ የተቀመጠ ሰው ሁሉንም ነገር የሚያየው ተገልብጦ ነው፤ ቀኙ ግራ፣ ግራው ቀኝ ይሆናል። የሳታራ ሴቶች ግን ድንኳኑ ከተተከለ ጀምሮ በሌላ በኩል ተቀምጠው አያውቁም፣ ፊደልም ስለማያነቡ መገልበጡን የሚነግራቸው የለም። ከዚህ የተነሳ በመካከላቸው አንድ የማይነቃነቅ እውቀት ጸንቶ ነበር፤ የፊልም ሰው ሁሉ ግራኝ ነው። በግራ እጁ ይበላል፣ በግራ እጁ ይባርካል፣ ሴቶቹም ሳሪያቸውን በማይገባው ትከሻ ላይ ነው የሚጥሉት።

የዚህ ዋና መምህርት ጎዳባይ ነበረች። ቬኑን ልታይ ቤታችን የመጣች ቀን እንኳ፣ የቀረበላትን ፖሄ በቀኝ እጇ እየጎረሰች፣ አማልክቱን የሚጫወቱት ሳይቀሩ በግራ እንደሚበሉ፣ ይህም ደህና አሳዳጊ ያላየ ሁሉ እዚያ ስለሚሰበሰብ እንደሆነ አስረድታኛለች። እኔም እውነትዎን ነው አልኩ። እህቴን ልትወስድልኝ ለመጣች አማት ስለ ብርሃን አካሄድ ትምህርት የምሰጥ ሞኝ አይደለሁም።

እኩለ ቀን ላይ ቬኑ ምሳዬን ይዛ ወደ ሱቁ መጣች። ፊቷ ፈክቷል። ጎዳባይ ሰው ልካ፣ ዛሬ ማታ አዲሱን ፊልም እንደምታይ፣ ምራቷም አጠገቧ እንድትቀመጥላት፣ ናራሃርም በወንዶቹ በኩል እንደሚመጣ አስነግራ ነበር። ከዚህ የባሰ ምን ይመጣል? ፊልሙ የትኛው እንደሆነ ነገርኳት። የምሳ ሳህኑን እንደያዘች ቆመች።

«ፊቴ ይታያል?» አለችኝ።

«እስከ ጠባሳሽ ድረስ።»

ምሳዬን አቅርባልኝ ተቀመጠች። የፈራች መሰለኝ። ዛሬ ታመምኩ በይና ቅሪ ብላት፣ ታማሚ ናት ብለው ይመልሱኛል እንጂ ምን ትርፍ አለው አለችኝ። እውነቷን ነበር። አንዷ በማስነጠስ ነው የቀረችው።

ምሳውን ተውኩት። መቀሴን ኪሴ ውስጥ ከትቼ ወደ ድንኳኑ ተመለስኩ። ሐሳቤ ያቺን አንድ ክንድ ፊልም ቆርጬ ለማውጣት ነበር። ፔስቶንጂ ሼት ግን ቆርቆሮዎቹን አሰልፎ ላያቸው ላይ ተኝቷል። ፊልም እንደ ባሩድ ስለሚነድ፣ ሰው ሲጋራ ይዞ እንዳይጠጋ ብሎ ሁልጊዜም እንዲሁ ነው። ደግ ሽማግሌ ነው፣ ግን ለፊልሙ ከእናት ዶሮ የባሰ ነው። ቀስቅሼ ሦስተኛው ጥቅልል ተጭሯል፣ ብናልፈው ይሻላል አልኩት። መነጽሩን አድርጎ ከላይ እስከ ታች አየውና እንደ ምንጭ ውሃ የጠራ ነው አለኝ። እሺ እንግዲያው እኔ አሞኛል፣ ሌላ ሰው ያንብብ አልኩት። ግንባሬን ዳሰሰኝ፤ ሙቀት የለህም ብሎ ተመልሶ ተኛ። አንዲት መንገድ ቀረችኝ። ሦስተኛው ጥቅልል ሲደርስ ጨርቁን አላርሰውም፤ ደረቅ ከሆነ ከጀርባ ጥላና ጭጋግ እንጂ መልክ አይታይም። ይህን ካሰብኩ በኋላ ትንሽ ተነፈስኩ።

ጀምበር ስትጠልቅ ድንኳኑ ጢም አለ። ከጨርቁ ጠርዝ ሆኜ ሁለቱንም ወገን አያለሁ። ናራሃር በወንዶቹ በኩል በሦስተኛው ረድፍ፣ ጥቁር ቆቡን ጭኑ ላይ አድርጎ ተቀምጧል። በሴቶቹ በኩል ጎዳባይ ከፊት ምንጣፍ ላይ ተንሰራፍታለች፤ ቬኑ በግራዋ አንገቷን ደፍታ ተቀምጣለች። ሙዚቀኞቹ ሃርሞኒየሙንና የታብላውን ከበሮ ጀመሩ። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ጥቅልሎች እንዴት እንዳነበብኳቸው አላውቅም። ልዑሉ «ያለ አንቺ ቤተ መንግሥቴ በረሃ ነው» ሲል ሴቶቹ በረጅሙ ተነፈሱ፤ እኔ ላቤ በጀርባዬ ይወርዳል።

ሦስተኛው ሲጀመር ሽማግሌው ባልዲውን አነሳ። ደክሞሃል፣ አሁን እርጥብ ነው፣ ተቀመጥ አልኩት። የጥጥ ጨርቅ በዚያ ሙቀት ወዲያው ነው የሚደርቀው። ጥቂት ቆይቶ ከጀርባ ጉርምርምታ ተነሳ። መጀመሪያ አንዷ ውሃ አለች፣ ከዚያ ሦስት ሆኑ፣ ከዚያ የጎዳባይ ድምፅ ከሁሉም በላይ ወጣ፤ እኛ የመጣነው ጉም ልናይ ነው ወይ ትላለች። ፔስቶንጂ ከመኪናው ኋላ ሆኖ እጁ ሳያቋርጥ እያዞረ ጮኸብኝ። ሽማግሌው ደንግጦ ባልዲውን አነሳና ሙሉውን በአንድ ጊዜ ጨርቁ ላይ ደፋው። ያን ያህል ውሃ በአንድ ጊዜ ረጭተን አናውቅም። ጨርቁ እንደ መስታወት ጠራ፤ በዚያች ቅጽበትም እህቴ ሦስት ክንድ የሚሆን ፊት ይዛ መጣች።

ጨርቁን አላየሁትም። ዐይኔ ጎዳባይ ላይ ተተክሎ ቀረ። መጀመሪያ አፏን ከፈተች። ቀጥላ ወደ ፊት ሰገግ አለች። አጠገቧ ያሉት ሴቶች ማንሾካሾክ ጀመሩ፤ አንዷ የቬኑን ጎን በክርኗ ነካች። ጎዳባይ እጇን ሰድዳ የእህቴን አገጭ ያዘችና ወደ ራሷ አዞረችው። የጨርቁ ብርሃን በቬኑ ግራ ቅንድብ ላይ ወደቀ። ጎዳባይ ጠባሳዋን ታያለች፣ ጨርቁን ታያለች፣ ደግማ ጠባሳዋን ታያለች። በአውራ ጣቷ ፈተገችው፤ ቀለም ይሆን እንደሆነ ልታውቅ መሰለኝ። ከዚያ የራሷን ሁለት ቅንድቦች ተራ በተራ ነካካች። እኔ በዚህ ሁሉ መካከል የሠርጉን ድንኳን በሐሳቤ እያፈረስኩ ነበር።

«ያቺኛዋ ጠባሳዋ በቀኝ ነው» አለች በመጨረሻ፣ ዳኛ ፍርድ እንደሚያነብብ። «የኛዋ በግራ ነው። ዝም በሉ አሁን።»

ሴቶቹ ከአፍ ለአፍ ተቀባበሉት። በቀኝ ነው፣ አዎን በቀኝ ነው። ጎዳባይ ግን በዚህ አልበቃትም፤ የቤቷ ስም በሹክሹክታ ተነክቷልና ጥርት ብሎ እንዲመለስ ፈለገች። አገጩን ሳትለቅ ወደ እኔ ቀና አለች።

«ሃሪባው፣ አንተ ሁለቱንም ወገን ታያለህ። ይቺ ያንተ እህት ናት?»

ሃርሞኒየሙ እንኳ ዝግ ያለ መሰለኝ። ቬኑ አገጯ እንደተያዘ በዐይኗ ጥግ ታየኛለች። ፊደል ያስቆጠርኳት እኔ ነኝ፤ ከጨርቁ ጀርባ ካሉት ሴቶች ሁሉ ፊደሉ መገልበጡን የምታውቅ እሷ ብቻ ናት።

«አይደለችም» አልኩ፣ ጽሑፍ በማነብበት ድምፄ። «እህቴ በሕይወቷ ካሜራ አይታ አታውቅም።»

ጎዳባይ አገጩን ለቀቀች። በጨርቁ ላይ አዲስ ጽሑፍ ወጥቶ ነበር፣ አነበብኩት። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው፤ ግን እንዲያ በመዋሸቴ ደስ ነበር ያለኝ። ዳንን አልኩ። ከዚያ በወንዶቹ በኩል ስዞር ናራሃርን አየሁት። እሱ የተቀመጠው በፊት በኩል ነው፤ ለእሱ ግራው ግራ ነው። ደግሞም ጨርቁን ትቶ እኔን ነበር የሚያየው። የሚቀጥለውን ጽሑፍ ስቼ የልዑሉን ንግግር በጀልበኛው አፍ አደረግሁት፣ ድንኳኑም ሳቀ።

በማግስቱ ዓርብ፣ ትምህርት ቤት እንደተለቀቀ ናራሃር ወደ ሱቄ መጣ። ቀኑን ሙሉ ስጠብቀው ስለዋልኩ ያየሁት ገና ከመንገዱ ማዶ ነው። ቬኑ ከመጋረጃው በስተጀርባ በውስጠኛው ክፍል የእጅ መኪናውን ታዞራለች። ሙሽሮች ከሠርጉ በፊት አይነጋገሩም፤ ነገር ግን መጋረጃው ስስ ነው፣ ድምፁንም ሰምታ ማዞሯን ቀነስ አደረገች። ናራሃር አግዳሚው ላይ ተቀምጦ ቆቡን አወለቀ።

«ቬኑ ናት» አለኝ።

ልምል ስጀምር እጁን አነሳ። «ሃሪባው፣ እኔ የሕፃናት መምህር ነኝ። ቀኑን ሙሉ ቀኝና ግራ ሳስተምር ነው የምውለው።»

በቃ አለቀ ብዬ፣ የሚፈርሰው ነገር በጨዋ ደንብ ይፍረስ ብዬ እንዴት እንደምለምነው ማሰብ ጀመርኩ። እሱ ግን ለጠብ እንዳልመጣ ነገረኝ። ሌሊቱን ያስጨነቀው አንድ ነገር ነው። ሰውየው አበባውን ሲሰካላት ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል፣ የሆነ ነገር ይላታል፣ እሷም ትስቃለች። ጽሑፍ ግን አልወጣም።

«ሁሉንም የሚያነቡልን እርስዎ ነዎት» አለኝ። «ይኼን ግን አላነበቡልንም። ምን ብሏት ነው?»

አላውቅም አልኩት። እኔ እዚያ ጊዜ ዛፍ ሥር የልዑሉን እጀ ጠባብ እተኩስ ነበር። እንግዲያው ይጠይቁልኝ አለ። መጋረጃው ከሁለታችን በሁለት ክንድ ይርቃል፣ እሷም እያንዳንዱን ቃል ሰምታለች፤ እንደ ደንቡ ግን ወደ መጋረጃው ዞሬ ምን ብሎሽ እንደሆነ ይጠይቃሉ አልኳት። መኪናው ቆመ።

«አላውቅም በላቸው» አለች። «ሰውየው የሚያወራው ጉጃራቲ ነው። አንድም ቃል አልገባኝም።»

ናራሃር ወደ እኔ ጎንበስ አለ። «ታዲያ ለምን ሳቀች?»

«ለምን ሳቅሽ ይላሉ።»

«ያን ቀን» አለች፣ «አንገትሽን ድፊ ያለኝ ሰው አልነበረም።»

በእጄ ያለውን ጨርቅ አፏ ውስጥ ብጠቀጥቀው ደስ ባለኝ። እኔ ለሁለት መቶ ሰው ዋሽቼ ያዳንኩትን፣ እሷ በአንድ ዐረፍተ ነገር አፈረሰችው ብዬ ጥርሴን ነከስኩ። ናራሃር ቆቡን በጣቶቹ መካከል ያዞራል። አንድ ደንበኛ ሱሪ ሊለካ መጣና ሁኔታችንን አይቶ ተመለሰ። ከዚያ ናራሃር እንደገና ተናገረ፣ አሁን ግን ወደ እኔ እያየ ድምፁን ለመጋረጃው ከፍ አደረገው። እናቱ ራሷ እንደነገረችው፣ ትናንት አገጯን ይዛት ስለነበር ቬኑ ምንም አላየችም አለ። የመጨረሻው ቀን ነገ ቅዳሜ ነው። በወንዶቹ በኩል ትምጣ፤ እኔ በጎኗ እሆናለሁ፣ እርስዎም ከጨርቁ ጠርዝ ሆነው ያዩናል፤ ከፊት ለፊት ሆና ትየው።

«እናትዎስ?» አልኩት።

«ለእናቴ እኔ እመልስላታለሁ።»

እሺ አልኩ። በአፌ ነው ያልኩት። ሲሄድ ቬኑ መጋረጃውን ገልጣ ወጣች። ልጅ ሆና ለጋኔሽ በዓል አዲስ ቀሚስ ስሰፋላት እንዲህ ነበር የምትሆነው፤ እግሯ መሬት አይረግጥም። አረንጓዴውን ሳሪ ልልበስ ወይስ ቢጫውን አለችኝ። በጨለማ ለምን ትጨነቂያለሽ ብላት፣ እንኳን ልትቆጣ ሳቀችብኝ።

የዚያን ዕለት ማታ ሳነብ ዐይኔ ከወንዶቹ ፊት አልተነሳም። ሦስተኛው ጥቅልል ሲደርስ አንድ በአንድ ቃኘኋቸው፤ ማን ጎረቤቱን ነካ፣ ማን ራሱን ነቀነቀ፣ ማን ወደ እኔ ዞረ። የዘይት ነጋዴው አፉን በእጁ ሸፍኖ ለወንድሙ የሆነ ነገር ነገረው። ስለ ጠባሳዋ ይሁን ስለ ጥርሱ ሕመም አላወቅሁም፤ ለእኔ ግን ስለ ጠባሳዋ ነበር። ነገ እህቴ እዚያ መካከል ስትቀመጥ ታየኝ። በወንዶች በኩል አንዲት ሴት፤ ሁሉም ዞሮ ያያታል፣ ከዚያ ጨርቁን ያያል፣ ግራው ከግራው ጋር ይገጥማል። ወሬው ድንኳኑን ሳይጨርስ ጎዳባይ ጆሮ ይደርሳል። ናራሃር ደግ ነው፣ ግን ልጇ ነው፤ እናቱ ፊት እስኪቆም ድረስ ደፋር ያልሆነ ልጅ የት አለ?

ቅዳሜ ማለዳ ፔስቶንጂ ሼት ዘንድ ሄጄ፣ አንዳንድ ጎረምሶች ስለ አበባው ተቆጥተው ዛሬ ማታ ችቦ ይዘው ሊመጡ ሲማከሩ ሰማሁ አልኩት። ቃሉን ከአፌ ጨርሶ አልሰማውም፤ ችቦ ስል ፊቱ አመድ ሆነ። ከቀትር በፊት ቆርቆሮዎቹ ጋሪ ላይ ወጡ። እኔ ራሴ ገመዱን አሰርኩ፣ እስከ መንገዱ መታጠፊያም ሸኘኋቸው። ማታ አንድ ያረጀ የአማልክት ፊልም ታየ።

ለቬኑ ቦምቤይ በቴሌግራም አስመልሷቸው ነው አልኳት። ቢጫውን ሳሪ ለብሳ፣ ጠጉሯን ተሠርታ ተቀምጣ ነበር። ገብታ ቀየረችው። ናራሃርም የድንኳኑ በር ላይ ነገርኩት፤ ትንሽ አየኝና እንግዲህ ምን ይደረጋል አለ። አመነኝ አላመነኝም፣ እስከ ዛሬ አልጠየቀኝም።

ሠርጉ በቀኑ ተሠራ። ጎዳባይ ለእንግዳው ሁሉ የጠባሳውን ታሪክ ስትነግር ዋለች፤ አንዲት ጋለሞታ ምራቷን እንደምትመስል፣ እሷ ባትኖር ኖሮ ሞኝ ሰው እንደሚሳሳት። በሰማሁት ቁጥር ፈገግ አልኩ። ፈሪ ለእናቱ ይላሉ። እኔ ለእህቴ መስሎኝ ነበር።

ናራሃር ቃሉን የሚያከብር ሰው ሆኖ ተገኘ። ፊልሙን ፍለጋ ሁለት ጊዜ ወደ ቦምቤይ ጻፈ። በሁለተኛው ዓመት መልስ መጣለት፤ ያረጁት ጥቅልሎች በላያቸው ያለው የብር ማዕድን ተቀቅሎ ከወጣ በኋላ፣ የቀረው ለአምባር ሠሪዎች መሸጡን የሚገልጽ አጭር ደብዳቤ ነበር። ደብዳቤውን ለቬኑ ያነበበላት ቀን እኔም እዚያ ነበርኩ። ሩዝ ትለቅም ነበር፤ መልቀሟን አላቋረጠችም።

የመጀመሪያ ልጇን ለመውለድ፣ እንደ ወጉ፣ ወደኔ ቤት መጣች። ሰባት ወር ሆኗት ነበር። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ሱቁ በር ላይ ጥላው ውስጥ ተቀምጣ፣ እኔ ሸሚዝ ስቆርጥ፣ ድንገት ቀና አለች።

«ዳዳ፣ ወንድሜ፣ አንተ እኮ ለሰው ሁሉ ስትነግር ነው የኖርከው» አለችኝ። «እስቲ ለኔም ንገረኝ። እንዴት ነበርኩ?»

መቀሱን አስቀመጥኩ። አፌን ከፈትኩ፣ ምክንያቱም ሥራዬ ነው፤ ልዑል ሲያፈቅር፣ ንግሥት ስታለቅስ፣ ለአገሩ ሁሉ ስናገር ኖሬአለሁ። ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ሐሙስ ማታ ጎዳባይን ነበር ያየሁት። ዓርብ ማታ የዘይት ነጋዴውን። እህቴን ያየኋት በዚያ ጠዋት፣ ፀሐይ ላይ፣ በጥፍር ልክ ብቻ ነው፤ እሱንም ፈርቼ ወዲያው ነው የከደንኩት።

«ጥሩ ነበርሽ» አልኳት።

«እንዴት ጥሩ?»

«ትስቂ ነበር።»

«መሳቄንማ እኔም አውቃለሁ» አለችና ቀሪውን እንድነግራት ጠበቀችኝ።